«በቃ» ስትለኝ

«ወንድሜ፣ የመጣኸው ልትቀዝፍ ነው ወይስ ልትሳፈር?»

መጀመሪያ የተናገረችኝ ቃል ይህ ነበር። ጀልባዋ ውስጥ ተደላድዬ ተቀምጬ ወደ ፊት፣ ወደ ወንዙ አያለሁ። የቀዘፋ ክበቡ ሰዎች ዳር ላይ ቆመው ይስቃሉ። ለካ ቀዛፊ የሚቀመጠው ጀርባውን ወደሚሄድበት ሰጥቶ ነው! እኔ ዳቦ ጋጋሪ ነኝ፤ በምን ልወቅ?

«ዞረህ ተቀመጥ» አለችኝ።

ዞርኩ። ጉልበት ለጉልበት ገጠምን። ትንሽዬ ሴት ናት፤ አንገቷ ላይ የድምፅ ማጉያ አንጠልጥላለች። ከአራታችን ቀዛፊዎች ሌላ፣ ፊቷን ወደ መንገዱ አድርጋ የምትመራን እሷ ናት። ድምፅዋን ግን የሆነ ቦታ አውቀዋለሁ።

«አንቺ... የአውቶቡስ ጣቢያዋ አይደለሽም? ‹ውድ ተሳፋሪዎች› የምትይው?»

ፈገግ አለች። «ነኝ። አንተ ግን ዛሬ ውድ አይደለህም፤ ቅዘፍ።»

እኔ እንግዲህ በዚያች ደቂቃ አለቀልኝ።

አሰልጣኛችንን ሁላችንም ጋሼ ነው የምንላቸው። አዲስ ሰው በመጣ ቁጥር የክበቡን ታሪክ ሳይተርኩ መቅዘፊያ አያስነኩም። እኔንም ያዙኝ።

«ድልድዩ ሳይሠራ አባቴ በጀልባ ሰው ያሻግር ነበር። ማዶ መንገደኛ ሲታይ አሻጋሪዎቹ ሁሉ ይሽቀዳደማሉ። ቀድሞ የደረሰ ይጭናል፣ የተቀደመ ባዶውን ይመለሳል። ድልድዩ ሲሠራ ገበያው ቀረ። እልሁ ግን አልቀረም! እሁድ እሁድ ያለ መንገደኛ መሽቀዳደም ጀመሩ። ክበባችን በዚያ ተወለደ።»

ከዚያ ወደ መሪዋ ጠቆሙኝ። «ሕጉ አንድ ነው። ቀዛፊ ወደ ኋላው አይዞርም። መንገዱን የምታየው እሷ ናት፤ አንተ እሷን እይ።»

ይህን ሕግ ከማንም በላይ አከበርኩት።

ከመሪዋ ፊት ያለው መቀመጫ የኔ ሆነ። እሷ «እንሂድ» ስትል እንቀዝፋለን፣ «በቃ» ስትል እናቆማለን። እሷ ለአራታችን ትጮሃለች፣ እኔ ለእሷ ብቻ አንሾካሹካለሁ።

«የላክሁልሽን ኬክ ቀመስሽው?»

«ጎትት!»

«ጣፈጠሽ?»

«ጎትት አልኩህ እኮ... አዎ።»

ከጀልባዋ ሌላኛው ጫፍ ላይ አንድ ፀጉር አስተካካይ ይቀመጣል፤ ሳይጠሩት አቤት የሚል ሰው ነው። «ይሄ ልጅ ሲቀዝፍ ይጸልያል እንዴ?» ይላል። ክረምቱ እንዲህ አለፈ።

አንድ ጠዋት ወንዙ ጸጥ ብሏል። እሷ ሹራቧን እስከ አገጭዋ ስባ ዓይን ዓይኔን ታየኛለች። ከዚህ በላይ መቻል አቃተኝ።

«እንጋባ?» አልኳት።

ዓይኗ ፈጠጠ። በትከሻዬ ላይ አሻግራ አየችና በድምፅ ማጉያው «በቃ!» ብላ ጮኸች።

መቅዘፊያው ሁሉ ቆመ። ከጫፍ ፀጉር አስተካካዩ ከት ብሎ ሳቀ። ሰምቶኛል ማለት ነው! መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ በወደድኩ፤ ውሃ ላይ ደግሞ መሬት ከየት ይምጣ? አንገቴን ደፋሁ። ዳር ስንደርስ ጀልባዋ ሳትታሰር ዘልዬ ወርጄ ወደ ዳቦ ቤቴ ሮጥኩ።

በማግስቱ ጋሼን ለምኜ ከፀጉር አስተካካዩ ጋር ቦታ ተቀያየርኩ። አሁን በእኔና በእሷ መካከል ሦስት ሰው አለ። ከፊቴ የማየው ማጅራት ብቻ ሆነ። ድምፅዋ ይመጣል፣ ፊቷ የለም። የቤቴ ዳቦ እንኳ በዚያ ሰሞን ኩፍ አልል አለ።

ከሌሎች ክበቦች ጋር የምንወዳደርበት ሳምንት ሲደርስ ፀጉር አስተካካዩ ወሬ ይዞ መጣ። «መሪያችን ልትሄድ ነው። ሌላ ከተማ ወዳለ ጣቢያ ተዛውራለች፣ ሰኞ ትሳፈራለች። ራሷ ጠይቃ ነው አሉ።»

ሆድ ይፍጀው አልኩ። ሆዴ ግን አልፈጀውም፤ እንቅልፍ ነሳኝ።

የውድድሩ ዕለት ጀልባዋን ገልብጠን በትከሻችን ተሸክመን ወደ ውሃው እንወርዳለን። ጭንቅላታችን ጀልባዋ ውስጥ ነው። ፀጉር አስተካካዩ ከፊቴ ሆኖ ይለፈልፋል።

«ምን አድርገሃት ነው ልጅቷን? እኔን አታየኝም። አንገቷን አስግጋ አንተን ነው የምትፈልገው። አንድ ቀን ከድንጋይ ጋር ታላትመናለች! ድሮ ለዳክዬዋ እንኳ ተጠንቅቃ ያስቆመችን ልጅ...»

«የቷ ዳክዬ?»

«ጫጩቶቿን አሰልፋ የተሻገረችዋ ናታ! ‹በቃ› ብላ ስታስቆመን እኔ ሕጉን ጥሼ ዞሬ አየሁ። እንደ ተማሪ ተሰልፈው! በሳቅ ሞትኩ እኮ።»

ባለሁበት ቆምኩ። ጀልባዋም ቆመች።

«የሳቅከው... በዳክዬዋ ነው?»

«ታዲያ በማን ልሳቅ?»

«ምን ሆናችሁ? ትከሻችን አለቀ!» አሉ ከኋላ ያሉት።

ጀልባዋ ውሃ እንደነካች ወደ ጋሼ በረርኩ።

«ጋሼ፣ የድሮ ቦታዬን ይመልሱልኝ።»

«የአውቶቡስ ወንበር መሰለህ? አንዴ እዚህ፣ አንዴ እዚያ?»

«ሰኞ ትሄዳለች፣ ጋሼ።»

ለአፍታ አዩኝ። ከዚያ ወደ እሷ አዩ። «ተቀመጥ። ግን ውድድሩ ሳያልቅ አንዲት ቃል ከአፍህ ብትወጣ ወንዙ ውስጥ ነው የምከትህ!»

ፊቷ ተቀመጥኩ። መቅዘፊያዬን ጨበጥኩ።

«እዚህ ምን ትሠራለህ?» አለችኝ።

ዝም።

«አኩርፈህ ከረምክ፣ አሁን ደግሞ ዲዳ ሆንክ?»

ዝም። ዓይኗ እንባ አቅርሮ አየሁና ልቤ ተሰበረ። ፊሽካው ተነፋ።

እንደዚያን ቀን ቀዝፌ አላውቅም። ቃል ስላልተፈቀደልኝ ያለኝን ሁሉ በመቅዘፊያው ነገርኳት። እሷም እንደ ገባት ድምፅዋ ጋለ፤ «ጎትት!» ስትል ወንዙ ራሱ የሚጎተት ይመስል ነበር። ለጥቂት ተቀድመን ሁለተኛ ወጣን።

«በቃ!» አለች። ቆምን።

«አሁን ልናገር?» አልኳት እያለከለክሁ። «የዚያን ቀን ‹በቃ› ያልሽው ለዳክዬዋ ነው?»

«ለማን መሰለህ?»

«ለእኔ።»

«ለዚህ ነው የሸሸኸኝ? እኔ እኮ ጠይቆኝ ተጸጸተ ብዬ... ዝውውር የጠየቅኩት ፊትህን ላለማየት ነው።»

«ታዲያ አሁንም እየጠየቅኩሽ ነው። እንጋባ?»

በትከሻዬ ላይ አሻግራ አየች። ሕግ ነውና አልዞርኩም።

«ከኋላዬ ዳክዬ አለ?»

«የለም» አለች። «መንገዱ ክፍት ነው።» ከዚያ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ «በቃ» አለችኝ።

«የትኛው ‹በቃ›? የማቆሚያው?»

«በቃ እሺ! እንጋባ!»

ማጉያው ክፍት ነበር። ወንዝ ዳር የቆመው ሕዝብ በሙሉ አጨበጨበ። አንደኛ የወጡት ቀዛፊዎች ለእነሱ መስሏቸው ተነስተው እጅ ነሱ። ጋሼ ከዳር ሆነው እጃቸውን አፋቸው ላይ አድርገው ተጣሩ።

«በአባቴ ጊዜ ‹በቃ› ማለት ጀልባው ሞልቷል፣ እንሂድ ማለት ነበር!»

ሰኞ ጠዋት፣ ትሄድብኝ ይሆን ብዬ አላስቻለኝም። ዱቄቴን ሳላራግፍ አውቶቡስ ጣቢያ ሄጄ በር ስድስት ላይ ተገተርኩ። እሷ ልትሳፈርበት የነበረው አውቶቡስ ሞልቶ ሞተሩን አስነስቷል። በመስኮቶቹ አየሁ፤ የለችም። ከዚያ ከላይ የድምፅ ማጉያው ተንኮሻኮሸ።

«በር ስድስት ላይ የቆሙት ዱቄታም መንገደኛ፣ የሚሄዱበት ከሌለ ቦታውን ለተሳፋሪ ይልቀቁ።»

ሰው ሁሉ ዞሮ አየኝ። ማጉያው ቀጠለ።

«ማታ ጀልባዋ ጋ ጠብቀኝ። በቃ።»