ባዶ የተተወችው ደቂቃ

የፊልም ሙዚቃ ደራሲው ማዳመጫው አንገቱ ላይ እንደተንጠለጠለ ከስቱዲዮው ደረጃ ሥር ሞቶ ተገኘ። ያገኘችው ታላቅ እህቱ ነበረች፤ ረፋድ አምስት ሰዓት ላይ በቁልፏ ከፍታ የገባችው እሷ ብቻ ስለሆነች ጣት ሁሉ ወደ እሷ ተቀሰረ። የመጨረሻው ሙዚቃ ከኮምፒውተሩ የተላከው አራት ሰዓት ላይ ነበርና እስከዚያ በሕይወት ነበር ማለት ነው። ከአራት ሰዓት በኋላ ደግሞ ዳይሬክተሩና ኤዲተሩ ከጎን ባለው ሕንፃ አብረው ሲሠሩ ነበር።

መርማሪዋ ነገር እንዲህ ያለምንም ችግር ሲገጣጠም ደስ አይላትም። ደረጃውን ሁለት ጊዜ ወጥታ ወረደች፤ ከዚያ የተላከውን ሙዚቃ ከፊልሙ ጋር አየችው። ፊልሙ ላይ እናትየው ስትሞት ቫዮሊን ሙሾ ያወርዳል።

«ወንድምዎ እንዲህ ያለ ነገር ይወድ ነበር?»

«ሞት ላይ? በጭራሽ! እናታችን ስትሞት የጎረቤት ሬዲዮ ይዘፍን ነበር። ከዚያ ወዲህ በአሥራ ሁለቱም ፊልሞቹ ሰው ሲሞት አንድ ደቂቃ ሙዚቃ የለም። አሁን ገፍተሽ ገደልሽው ይሉኛል… እኔ አዝዬ ያሳደግኩትን ልጅ!»

ከሰዓት በኋላ መርማሪዋ ሦስቱንም ስቱዲዮው ውስጥ ሰበሰበቻቸው።

«ቫዮሊኑን ማን አስገባው?»

«እሱ ነዋ!» አለ ዳይሬክተሩ። «ስወተውተው ከርሜ በመጨረሻ እሺ አለኝ።»

ኤዲተሩ ራሱን ነቀነቀ። «ይሄ ቫዮሊን ከሦስተኛው ፊልማችን የተወሰደ ነው። እሱ ደግሞ የሠራውን ከሚደግም ሞቶ ቢገኝ…» ከአፉ ያመለጠው ቃል አስደንግጦት አቆመ።

«እንግዲያው የላከው እሱ አይደለም» አለች መርማሪዋ። «አራት ሰዓት ላይ ሞቶ ነበር። ገዳዩ የላከው በሕይወት ያለ ሊያስመስለው ፈልጎ ነው። ከአራት ሰዓት በኋላ እዚህ የገባችው እሷ ብቻ ናትና እህቱማ ይህን ብትልክ ገመዱን በገዛ አንገቷ ማጥለቋ ነው። ኤዲተሩ አሥራ ሁለቱን ፊልም ቆርጦ የቀጠለ ሰው ነው፤ ያችን ደቂቃ ባዶ ይተዋት ነበር። ዝምታውን ያላለቀ ሥራ ነው ብሎ የሚደፍነው አንድ ሰው ብቻ ነው።»

ዳይሬክተሩ ከወንበሩ ተነሣ።

«ያላለቀ ነበር እኮ! ፊልሙ ነገ ይታያል፤ እሱ ያችን ደቂቃ ከነካህ ሙዚቃዬን ከፊልሙ አወጣለሁ ብሎ ደረጃውን መውረድ ጀመረ። ስይዘው ታገለኝ፣ ገፋሁት። ይሞታል አላልኩም…»

ሲወስዱት ኤዲተሩ ቫዮሊኑን አውጥቶ ትዕይንቱን እንደገና ከፈተው። እናትየው ዐይኗን ከደነች። ክፍሉ ውስጥ ኮሽታ አልነበረም። ከጠዋት ጀምሮ እንባ እምቢ ያላት እህት ያን ጊዜ ስቅስቅ ብላ አለቀሰች፤ ማንም ዝም በይ አላላትም።