ነገሳ ያስቀመጠው ዓሣ

«ቅዳሜ ይፈታሉ» አለች ሙሉዬ የአቼቶውን ጠርሙስ ከመደርደሪያው እያወረደች።

ይህን ስትል አምስተኛ ሳምንቷ ነው። መጀመሪያ ከአንድ ሹፌር ሰማሁ አለች፤ ቀጥሎ ከወንድሟ ሚስት፤ ባለፈው ደግሞ ሬዲዮ ተናገረ ብላ ማለች፤ የሬዲዮኗ ድንጋይ ካለቀ ግን ወር አልፎታል። ቢሆንም ከመስከረም ወዲህ ልጅ ያልታሰረበት ሰፈር ሰበታ ውስጥ የለም። ሙሉዬን ውሸታም የሚላት ሁሉ ዓርብ ሲደርስ የልጁን ልብስ አጥቦ ያሰጣል።

ሄመን አቼቶውን ተቀብላ ወጣች። ኤዶም ተከተለቻት። ዘጠነኛ ክፍል ናቸው፤ አንድ ዴስክ ላይ ነው የሚቀመጡት፤ ያን ቀን ዩኒፎርማቸውን እንኳ አልቀየሩም።

«በዚህ ቅዳሜ እውነት ቢመጣስ?» አለች ሄመን። ነገሳ ወንድሟ ነው፤ ከታሰረ ሁለት ወር ተኩል ሆኖታል። «ሰላጣው ዛሬ ካልተጀመረ አይደርስም። ድንቹ አለ፣ ቀይ ሥሩ ከጓሮ ነው፣ ፖም ሁለት ፍሬ አግኝቻለሁ። ዓሣው ነው የጠፋው። መንገዱም አንዴ ይከፈታል፣ አንዴ ይዘጋል።»

«ሰርዲን አይሆንም?» አለች ኤዶም።

«ሰርዲን? አባባ ይህን ቢሰሙ እግራቸው ድኖ ተነሥተው ያባርሩናል። አቦ ቀሽም ነገር አታምጪ።»

ኤዶም ሳቀች።  ዓሣው ግን እነኤዶም ቤት ነበር፤ ፍሪጃቸው ውስጥ፣ ከበረዶው ሥር።

የሄመን አያት ኦቦ ዲሪርሳ በወጣትነታቸው በስዊድን ሚሲዮን ግቢ አሥራ አንድ ዓመት ምግብ አብስለዋል። ገና በመጣ ቁጥር ሲልሳላድ የሚባል ሰላጣ ይሠሩ ነበር። ጨው ውስጥ የሰነበተ ዓሣ በአቼቶና በስኳር ይዘፈዘፋል፤ ከዚያ ከተቀቀለ ድንች፣ ከቀይ ሥር፣ ከፖም፣ ከኪያርና ከሽንኩርት ጋር በጥፍር ልክ ተከትፎ ይደባለቃል። ዓሣው ከስዊድን በበርሜል ተጭኖ በመርከብ ነበር የሚመጣው። አንድ ዓመት በርሜሉ ቀረ። አለቃቸው ሚስ ኢንግሪድ ገና ያለ ሲልሳላድ ገና አይደለም ብላ ልታለቅስ ስትል፣ ዲሪርሳ የሐይቅ ዓሣ በራሳቸው መላ ጨው ውስጥ አስተኝተው አቀረቡላት። ከዚያ ወዲያ በርሜል አልታዘዘም። ይህን ታሪክ ሰፈሩ በሙሉ በቃሉ ያውቀዋል፤ ምክንያቱም ሽማግሌው ነግረው አይጠግቡም። ሚሲዮኖቹ ሄዱ። በኦቦ ዲሪርሳ ማሳ ላይ የማስተር ፕላን ችካል ተተከለ፣ ልጆች ሰልፍ ወጡ፣ ችካሉ ተነቀለ፣ ልጆቹ ታሰሩ። እሳቸው ግን ሰላጣቸውን በየገናው ሠሩ።

ዘንድሮ እግራቸው ከዳቸው። ነገሳ ገናን አይደርሱ ይሆናል ብሎ ስለፈራ፣ መስከረም ላይ ዓሣ እርባታ ጣቢያ ሄዶ ገዛላቸው። እነሱ ቤት ፍሪጅ የለም። ስለዚህ በዚያ ማክሰኞ ረፋድ ላይ ፌስታሉን አንጠልጥሎ እነኤዶም በር ቆመ።

«አስቀምጭልኝ፣ እሑድ እንሠራዋለን» አላት። «እንዳትበዪው ደግሞ፤ አንቺና ዓሣ አትታመኑም።»

ጭሱ የተነሣው ይኼኔ ነው። እየተቃጠለ ያለው የኤዶም አባት ሕዝቅያስ የሚሠራበት የክር ፋብሪካ ነበር። አባቷ የሌሊት ተረኛ ስለነበር ቤት ተኝቶ ነበር። ሕዝቅያስ ከሆሳዕና ነው የመጣው፤ አሥራ ሁለት ዓመት ሰበታ ኖሯል፤ ኦሮምኛው ግን ዛሬም የገበያ ነው። ትንሽ ቆይቶ ከሌላ ሰፈር የመጡ ወጣቶች የፋብሪካውን ሰዎች ቤት እየጠየቁ በመንገዱ ወረዱ። ነገሳ አልሄደም። በሩን ተደግፎ ቆመ። በኦሮምኛ አነጋገራቸው፣ አንዱን አሳቀው፣ ሌላውን ትከሻውን መታ መታ አደረገው። አለፉ። ሁለተኛ ቡድን መጣ፤ እሱም አለፈ። ነገሳ ፀሐይ እስክትጠልቅ ከዚያ በር አልተነቃነቀም። እቤቱ ሲገባ የት ዋልክ ቢሉት «ሰው ዘንድ» ብቻ አለ።

በሦስተኛው ቀን ፋብሪካውን አቃጥለሃል ብለው ወሰዱት።

የዚያን ቀን የኤዶም አባት ወጥቶ ዋለ። ሲመለስ ጫማውን ሳያወልቅ አግዳሚው ላይ ተቀመጠ። በነጋታው ጠዋት ኤዶምን ጠርቶ፣ «ማክሰኞ ዕለት እዚህ በር ላይ ማንም አልነበረም» አላት። «ሰው ቢጠይቅሽ ያየሽው የለም። ለሄመንም ቢሆን። ገባሽ?»

ገባት። አባቷ ፈሪ መሆኑ ነው የገባት። ከዚያ ወዲህ ማዕድ ላይ ሲጸልይ ዓይኗን አትጨፍንም፤ ጎንበስ ያለ ራሱን ታየዋለች፣ ሁለት ወር ተኩል ሙሉ።

ያን ዕለት ከሙሉዬ ሱቅ ስትመለስ አባቷ የተሰበረ በርጩማ ይጠግናል። ፋብሪካው ከተቃጠለ ወዲህ የሰፈሩን በርጩማ ሁሉ ጠግኖ ጨርሷል። ኤዶም ፍሪጁን ከፍታ በረዶውን በማንኪያ እጀታ ፈለፈለች። ዓሣው በጋዜጣ ድርብ ተደርጎ ተጠቅልሏል። እሷ አልጠቀለለችውም። ኅዳር ላይ መብራት ሁለት ቀን ሲጠፋ በፍሪጁ የነበረው ሥጋ ሸተተ፤ ይህ ግን በረዶ ተፈልጎለት በማዳበሪያ ከረጢት ተቀብሮ ተርፏል። እናቷ ናት ብላ አስባ ነበር፤ እናቷ ምንም ነገር መጣል አትወድም።

«ወዴት ነው?» አለ አባቷ መዶሻውን ይዞ።

«እነሄመን ቤት።»

«ከየት አመጣሽው ይሉሻል።»

«ይበሉኝ።»

እስኪከለክላት ጠበቀች። የምትመልስለትን ቃል ሁሉ ከመንገድ ጀምሮ ስላ ነው የገባችው። እሱ ግን መልሶ ወደ በርጩማው አጎነበሰ። በሩ ላይ ስትደርስ፣ «ጨው ያዢ» አላት፣ «ብዙ ነው የሚፈልገው።»

ሄመን ዓሣውን ስታይ መጀመሪያ ጮቤ ልትረግጥ ነበር። ቀጥሎ ፊቷ ቀዘቀዘ። ከየት እንደመጣ ጠየቀች።

«ነገሳ ነው ያስቀመጠው» አለች ኤዶም። ቃሉ እንዳይመለስባት ቶሎ ቶሎ ተናገረች። «ፋብሪካው የተቃጠለ ዕለት። ከረፋድ እስከ ማታ እኛ በር ላይ ነበር። እኛን እየጠበቀ።»

«እስከ ማታ?»

«እስከ ማታ።»

ሄመን ጣቷን በቀለጠው ውኃ ውስጥ አድርጋ ጠረጴዛው ላይ መስመር ሠራች። «እና ሁለት ወር ተኩል ከእኔ ጋር አንድ ዴስክ ላይ ተቀመጥሽ» አለች።

«አባዬ እንዳትናገሪ አለኝ።»

«አባትሽ ፈሪ ነው።»

ኤዶም ልትቆጣ ፈለገች፤ ግን ምኑን ትቆጣ? በየቀኑ ራሷ የምትለውን ነው ሄመን ያለችው። ከሌላ አፍ ሲሰማ ግን ያማል።

ከውስጠኛው ክፍል ኦቦ ዲሪርሳ ተጣሩ። ሰምተው ይሁን አልሰሙ አይታወቅም። «ኢንተላ ኮ፣ ልጄ፣ አምጪው ላሽትተው» አሉ። ኤዶም አቀረበችላቸው። ደጋግመው አሸተቱ፤ ከአልጋቸው ሳይነሡ ፊሌቶው በምን በኩል እንደሚቆረጥ በእጃቸው አየር ላይ አሳዩ። «ዛሬ ጨው፣ ነገ አቼቶና ስኳር፣ ዓርብ ይደባለቃል። ጠባችሁን ጓሮ ውሰዱት። ዓሣ የተጣላ ሰው እጅ አይወድም።»

ጠቡን ጓሮ አልወሰዱትም፤ እዚያው አብረውት ሠሩ። ሐሙስ ሄመን አንድ ቃል በቀጥታ አልተናገረቻትም። «አባባ፣ ሽንኩርቱን ቀለበት ቀለበት አድርጊ በሏት» ትላለች። ኦቦ ዲሪርሳም ኤዶም አጠገባቸው ቆማ እየሰማች፣ በጣም በከፍተኛ ድምፅ፣ «ሽንኩርቱን ቀለበት ቀለበት አድርጊ ብላሻለች» ይላሉ። በሌላ ጊዜ ቢሆን ሁለቱም ወለል ላይ ተንከባልለው ይስቁ ነበር።

ዓርብ ከትምህርት ቤት ሲመለሱ ድንቹንና ቀይ ሥሩን ቀቀሉ። ኤዶም የከተፈችው ወፍራም ሆነ። ሄመን መክተፊያውን ወስዳ እያንዳንዷን እንደገና ለሁለት ከፈለቻት። ዓሣው ሲጨመር፣ ሲደባለቅ፣ ድንቹም ፖሙም ቀላ፤ የቱ ምን እንደሆነ መለየት አልተቻለም።

«ሰኞ ጣቢያ ሄጄ እመሰክራለሁ» አለች ኤዶም። «አባዬ ቢፈቅድም ባይፈቅድም።»

ሄመን ጎድጓዳውን ሳህን ወደ እሷ ገፋ አደረገችው፤ በሰሐን ክደኚው ለማለት ይሁን ለሌላ፣ ኤዶም አልጠየቀችም።

ቅዳሜ መጡ። አራት ሳምንት የዋሸችው ሙሉዬ በአምስተኛው ተሳካላትና፣ ሁለት አውቶቡስ ሙሉ ልጆች ዋናው መንገድ ላይ ተራገፉ፤ ሁሉም አንድ ዓይነት ነጭ ቲሸርት ለብሰዋል፣ ሁሉም ከስተዋል። እልልታው ሰፈር ለሰፈር ተቀጣጠለ። ሄመን አውቶቡሶቹን በሩጫ ዞረች። ኤዶም ደግሞ ከኋላዋ ዞረች። ሹፌሩ ወርዶ በሩን እስኪዘጋ ቆሙ።

እቤት ድረስ ተከትሏቸው የመጣ አንድ ልጅ ነበር፤ የነገሳ የኳስ ጓደኛ። ኦቦ ዲሪርሳ አልጋ ፊት ቆሞ ኮፍያውን በእጁ ይጠመዝዛል። ነገሳ ከነሱ ጋር እንዳልነበረ ነገራቸው። በመጀመሪያው ሳምንት ለይተውታል፤ ፋይል ተከፍቶበት ወደ ፍርድ ቤት ተልኳል፤ የት እንዳለ እንኳ እሱ አያውቅም።

«ሌሎቻችን የት እንደነበርን የመሰከረልን ሰው ነበር» አለ ልጁ። «እሱ ምስክር የለውም አሉ።»

ሄመን ኤዶምን አላየቻትም። ብታያት ይሻል ነበር።

ሽማግሌው ሰላጣው ይቅረብ አሉ። ለዛሬ የተሠራ ለነገ አይሆንም። የተቀቀለውን እንቁላል ራሳቸው ፈረፈሩበት፤ ነጩን በአንድ በኩል፣ አስኳሉን በሌላ። አንድ ማንኪያ ቀመሱና «ጋሪ ነው፣ ጥሩ ነው» አሉ። ሁለተኛ አላነሡም። ሳህን አስመጥተው ሞሉና ለኤዶም ሰጧት።

«ይሄ የሕዝቅያስ ነው።»

«የእሱ?» አለች ሄመን።

«የእሱ። ዓሣውን ያቆየው ቤት ነው።»

ኤዶም ሳህኑን በነጠላዋ ጫፍ ሸፍና መንገዱን አቋረጠች። ከየቤቱ ሙዚቃ ይሰማል። አባቷ እዚያው አግዳሚ ላይ ነው። አውቶቡሶቹን ሊያይ አልወጣም። ሳህኑን ፊቱ አስቀመጠች፤ ማንኪያም አመጣች፤ ከዚያ ቆማ ተናገረች። ነገሳ አለመምጣቱን፣ ምስክር የለውም መባሉን፣ ሰኞ ጣቢያ እንደምትሄድ።

«ብትመታኝም እሄዳለሁ» አለች። መትቷት አያውቅም።

አባቷ ሰላጣውን አንዴ ጎረሰ። ቀስ ብሎ አኘከ። እንደገና ጎረሰ።

«ሄጄ ነበር» አለ።

«የት?»

«ጣቢያ። የወሰዱት ዕለት።»

እሷን ሳያይ፣ ሳህኑን እያየ ነገራት። ሁሉንም ተናግሮ ነበር፤ በሩን፣ ዓሣውን፣ እስከ ማታ መቆሙን። መርማሪው አንድ በአንድ ጽፎ አነበበለት። ከዚያ እስክሪብቶውን አስቀመጠና ጠየቀው፦ የፋብሪካው በር ከውስጥ ነው የተከፈተው፤ አንተ የፋብሪካው ሠራተኛ ነህ፤ ካቃጠለው ልጅ ጋር ቀኑን ሙሉ አብረህ ውለሃል፤ ምን ስትመክሩ ነው የዋላችሁት? ፖሊስ ጠርቶ ካቴና አድርግበት አለው። ነገሳንም ይህን ሰው ታውቀዋለህ ወይ ለማለት አስመጣው።

ማንኪያው አባቷ እጅ ላይ ቆመ።

«ፊቱ አብጦ ነበር» አለ። «ካቴናውን እኔ እጅ ላይ አየ። ከዚያ እኔን አየኝ፣ ቆየ። ‹ይህን ሰውዬ አላውቀውም፣ ቤቱንም አላውቀውም› አለ።»

ከውጭ እልልታው እንደገና ተነሣ፤ ሌላ ቤት፣ ሌላ ልጅ።

«መርማሪው ያልኩትን የጻፈበትን ወረቀት እፊቴ ቀደደውና ሂድ አለኝ» አለ አባቷ። «ማታ ስመለስ ዓሣውን በጋዜጣ ጠቀለልኩት።»