አምስተኛው ብርቱካን

«ቁረጥ!» አለች ዙልፋ።

ጋሽ ወልዴ በያዙት ቢላ ብርቱካኑን ለሁለት ገመሱት።

«ኧረ ጋሼ! እርስዎን አይደለም፤ ካሜራማኑን ነው!» አለች ህሊና ሳቋ አምልጧት። ይኼ እንግዲህ አራተኛው ብርቱካን መሆኑ ነው። ዳይሬክተሯ ዙልፋ እንደ ሌሎቹ «ከት» አትልም፤ ቀረጻ የምታስቆመው በአማርኛ ነው። ጋሽ ወልዴ ደግሞ ሠላሳ ዓመት በወልድያ መድረክ የተወኑ ሰው ናቸው፤ የታዘዙትን ያደርጋሉ።

«ትናንት መድረክ ላይ ልጄ ሆና ስትተውን የነበረች፣ ዛሬ ‹ቁረጥ› ትለኛለች። ‹ይቁረጡ› ማለት አቃታት እንዴ?» ብለው አኮረፉ።

ካሜራማኑ ዮናስ ቀና ብሎ ሰማዩን አየ። «ፀሐይዋ እየሄደች ነው። ቢበዛ አንድ ጊዜ ብንቀርጽ ነው።» ቡድኑ ነገ በማለዳ ወደ አዲስ አበባ ይመለሳል። እዚህ መርሳ ከተማ ብርቱካን አይታጣም፤ ብርሃን ግን ከየት ይገዛል?

በድራማው ህሊና ለትምህርት ርቃ ልትሄድ መሆኑን ለአባቷ የምትነግር ልጅ ናት። አባትየው ለመንገዷ ብርቱካን እየላጡ ይሰሟታል። ካሜራው ህሊና ፊት ላይ ነው። በቴሌቪዥን የምትታየው በዚህች ትዕይንት ብቻ ነው፤ ቢሆንም የክፍሏ ተማሪ ሁሉ ሰምቷል፤ እናቷም ግራና ከተማ ላሉት ዘመዶች ሳይቀር ደውላለች።

ግን አንድ ነገር እረፍት ነስቷታል። ጋሽ ወልዴ ሲናገሩ አዳራሽ መጨረሻ ወንበር ላይ ላለ ሰው የሚጮኹ ይመስላሉ። እሷ «ልሄድ ነው» ባለች ቁጥር ግን እጃቸው ልጣጩ ላይ ቀጥ ይላል። ማንም እንዲህ ያድርጉ አላላቸውም። ካሜራውም አያየውም።

ለዙልፋ ብነግራት ፊቴ ሳይታይ ቀረ ማለት ነው፤ አርፈሽ ቁሚ ህሊና፣ ማን ጠየቀሽ! አለች በልቧ። አላስችል አላት።

«እትዬ ዙልፋ… ካሜራው እጃቸው ላይ ቢሆንስ? እኔ ጀርባዬን ልስጥና ድምፄ ብቻ ይሰማ።»

ዙልፋ ትኩር ብላ አየቻት። «ፊትሽ እኮ አይታይም።»

«አውቃለሁ» አለች ህሊና።

ዙልፋ እዚሁ መርሳ ተወልዳ፣ በወልድያ ኪነት ቡድን ጀምራ፣ አዲስ አበባ መድረክ ላይ በጭብጨባ የኖረች ተዋናይት ነበረች። «መድረኩን ለምን ተውሽው ይሉኛል» አለች። «አንድ ቀን ከመጋረጃ ጀርባ ሆኜ ጓደኛዬ ስትተውን አየኋት። ‹ምነው ሰዉ ይቺን ከቅርብ ባያት!› ስል የራሴን ተራ ረሳሁት። ከዚያ ወዲያ ጭብጨባው አላጠገበኝም።» ወዲያው ዞረች። «ዮናስ፣ ካሜራውን ወደ እጃቸው! ህሊና፣ የምታስጀምሪው አንቺ ነሽ። የምታስቆሚውም።»

ህሊና ለካሜራው ጀርባዋን ሰጠች።

«ጋሼ፣ ይጀምሩ።»

ቢላው አምስተኛው ብርቱካን ላይ መዞር ጀመረ። «አባዬ፣ ልሄድ ነው» አለች። እጃቸው ቆመ፤ ልጣጩ ተንጠልጥሎ ቀረ። ከዚያ ቀስ ብለው ላጡ፣ ላጡና፣ ያልተገመሰውን ብርቱካን መዳፏ ላይ አኖሩላት። ያ ሁሉ ጩኸት የት እንደገባ እንጃ፣ ለእሷ ብቻ በሚሰማ ድምፅ «ሂጂ ልጄ» አሉ።

ህሊና እንባዋን ዋጠች። «ይበቃል ጋሼ። እጅዎ ይባረክ።»

«ፐ! ተመቸኝ!» አለ ዮናስ። ዙልፋ ቀረጻው ከሚታይበት ሞኒተር ፊት ብድግ ብላ እልልታዋን አቀለጠችው። ጋሽ ወልዴም ቢላቸውን እየጠረጉ «ማዘዝ እንዲህ ነው እንጂ!» አሉ፤ ኩርፊያቸው በአንዴ ጠፋ።

የህሊና ስልክ ጠራ፤ እናቷ ናት። «ህሊዬ፣ ፊትሽ በደንብ ይታያል አይደል?»

«አይታይም እማዬ። ግን ሁሉም ይዩት። ብርቱካኑ ጋ ሲደርስ ማንም እንዳይነሳ በያቸው።»

ስልኩን ኪሷ ከተተችና ብርቱካኑን ገምሳ ግማሹን ለዙልፋ ሰጠች። ከዚያ ዱካ ስባ ከዳይሬክተሯ ጎን ሞኒተሩ ፊት ተቀመጠች።