አቤቱታው ሳይወሰን

«ማኅተሙስ?»

«አልተነካም። እንደ ዓይንህ ብሌን ጠብቀው።»

ሻማ ጆንያውን በአውቶቡሱ መቀመጫ ሥር ገፋው። ባልደረባው ቁልፍ በእግሩ ሳበው። ሁለቱም ስሞች የምስጢር ናቸው፤ ሁለቱም ሰዎች የሸማቾች ጥበቃ ሰላዮች። ሻማ የመስመር ሠራተኛ መስሎ በመብራት ድርጅቱ ቅርንጫፍ ከገባ ሰንብቷል። ጆንያው ውስጥ ያለውን ቆጣሪ ከአንዲት ልብስ ሰፊ ግድግዳ ላይ ነቅሎ ሌላ ተክቶበታል። የቅርንጫፉ አለቃ ቆጣሪዎችን ከልክ በላይ እያስሮጠ ሕዝቡን ያልባል። የመብራት ሂሳብ አቤቱታ የሚሰማው ጉባኤ ደግሞ ለምርመራ የሚቀበለው ማኅተሙ ያልተሰበረ ቆጣሪ ብቻ ነው።

«ነገ ጠዋት፣ ጉባኤው ፊት» አለና ቁልፍ በኋላው በር ወረደ።

ልብስ ሰፊዋን በተጋነነው ሂሳብ አቤት እንድትል የገፋፋት ራሱ ሻማ ነበር። «እትዬ፣ አቤቱታዎ እስኪወሰን መብራትዎን ማንም አይቆርጥም። ሕጉ ይከለክላል» ብሏታል።

«ተባረክ ልጄ። የተማሪዎቹን ዩኒፎርም ነገ ጠዋት ካላስረከብኩ ውሉን ይነጥቁኛል» ብላው ነበር።

ቅርንጫፉ ሲደርስ አለቅየው በር ላይ ጠበቀው።

«መሃላችን ጆሮ ጠቢ አለ አሉ። እስኪ የዚያችን ልብስ ሰፊ መስመር ቁረጥና እንይህ።»

«አቤቱታዋ ገና...»

«ቁረጥ አልኩህ!»

እምቢ ካለ ተነቃበት።

ልብስ ሰፊዋ ደጅ ካለው ምሰሶ ላይ መሰላሉን አስደግፎ ወጣ። ከታች የስፌት መኪናዋ ይንጣጣል።

ቆረጠ።

መኪናዋ ቀጥ አለች።

ሴትዮዋ የልብስ መለኪያ ሜትሯን አንገቷ ላይ እንዳንጠለጠለች ወጣች። «ውይ፣ አንተ ነህ? መብራቱ ጠፋብኝ እኮ! ልትጠግንልኝ መጣህ? እግዜር ይስጥህ ልጄ!»

«አዎ እትዬ» አለ። እፍረት ፊቱን ለበለበው። ምድር ተከፍታ ብትውጠው በወደደ።

በማግስቱ ቁልፍ ጆንያውን ጉባኤው ፊት ፈታ።

ማኅተሙ ተሰብሯል።

ቁልፍ ዓይኑን ወደ ጣሪያ ሰቀለ። አለቅየው ፈገግ አለ። ያመኑት ፈረስ ይጥላል በደንደስ። ሻማ ግን ለመናደድ እንኳ አፍ አልነበረውም፤ እሱስ ትናንት ልብስ ሰፊዋን ምን አደረጋት?

ሰብሳቢዋ መነጽራቸውን አወለቁ። «ይህን አንቀበልም። ሌላ ማስረጃ ከሌለ አቤቱታው ይዘጋል።»

አንድ ነገር ቀርቷል። አቤቱታ ሳይወሰን መስመር መቁረጥ ራሱ ጥፋት ነው። ድርጅቱ ያን ካደረገ ሂሳቡ ትክክል መሆኑን የማስረዳት ሸክሙ ወደ ራሱ ወደ ድርጅቱ ይዞራል። ግን የቆረጠው ሰው ቆሞ መናገር አለበት። እዚያው የተቀመጠችው ልብስ ሰፊ ፊት።

ሻማ ተነሣ።

«የቆረጥኩት እኔ ነኝ። አለቃዬ አዞኝ ነው። ክልክል መሆኑን ሁለታችንም እናውቅ ነበር።»

አለቅየው ሂሳቡ ትክክል መሆኑን ማስረዳት አልቻለም። ጉባኤው የሴትዮዋን ሂሳብ ሰረዘ፤ መብራቷ ዛሬውኑ እንዲቀጠል፣ የቅርንጫፉ ቆጣሪዎች በሙሉ እንዲመረመሩ አዘዘ። ቁልፍ ከአለቅየው ጋር ተመሳጥሮ ማኅተሙን መስበሩም ታወቀ፤ ሁለቱም በፖሊስ ታጅበው ወጡ። ዩኒፎርሙ ግን አልደረሰም፤ ውሉ ጠዋቱን ለሌላ ሰፊ ተሰጥቷል።

ልብስ ሰፊዋ ኮሪደሩ ላይ አገኘችው።

«ሕጉን የነገርከኝ አንተ። አውቀህ ነው የቆረጥከው?»

«አዎ እትዬ።»

ብዙ ነገር ሊያስረዳት ይችል ነበር።

ልጄ አላለችውም።

«በሉ ይሂዱ፣ ጌታዬ» አለችው፣ እንደማታውቀው ሰው መንገድ እየለቀቀችለት።

ደረጃውን ወርዶ ከመንገደኛው ጋር ተቀላቀለ። ቀና ብሎ ያየው ሰው አልነበረም።