ጀርባው የነጣው ባቲክ

አዩ መቀሱን እንደከፈተች ቀረች።

ጠረጴዛው ላይ የተዘረጋው የባቲክ ጨርቅ፣ ኢንዶኔዥያ ጃቫ ያሉት አያቷ በሰም ስለው ያቀለሙት መሆን ነበረበት። የመቁረጫ ምልክት ልታደርግበት ስትገለብጠው ግን ጀርባው ነጭ ሆኖ አገኘችው። በእጅ የተሳለ ባቲክ ፊቱና ጀርባው አንድ ነው። ይህ በማሽን የታተመ ቅጂ ነበር።

የአያቷ ተሰርቋል።

የቢከን ሂል ወጣቶች ማዕከል ጥበቃ ሰሃርላ ተጠራች። ድሬዳዋ ሳለች አሥራ አንድ ዓመት የፖሊስ መርማሪ ነበረች። ቅዳሜ ቅዳሜ እዚህ የሚሰባሰቡትን ኢንዶኔዥያውያን ወጣቶች ታውቃቸዋለች፤ የአያቶቻቸውን ባቲክ በስኒከር ለብሰው ባቡር ጣቢያው ላይ ቪዲዮ ይቀርጻሉ። አዩ ዛሬ ጨርቁን ቆርጣ ጃኬት ልትሰፋው ነበር።

«ጨርቁ የነበረበት የቁም ሣጥን ቁልፍ ማን ዘንድ ነው?» አለች ሰሃርላ።

«መክሊት ዘንድ፣ ኢቡ» አለች አዩ፣ ለታላቅ ሴት በሚሰጡት የአክብሮት አጠራር። ወደ መክሊት ግን አልተመለከተችም።

መክሊት ከቡድኑ ብቸኛዋ ኢትዮጵያዊት ናት። ዓይኗ እንባ አቀረረ። «እትዬ ሰሃርላ፣ ይመኑኝ። ቁልፉን መስኮቱ ላይ እንደምተወው ሁሉም ያውቃል።»

ከቡድኑ ልባሽ ልብስ የሚነግደው የዲማስ ቦርሳ ተፈተሸ። ሦስት ካናቴራና አንድ የተቀደደ ሱሪ ተገኘ።

«ኢቡ፣ ሌባ ብሆን ይህን ሱሪ እሸጥ ነበር?»

ሰሃርላ ወደ ቅጂው ተመለሰች። በአንዱ ጠርዝ ላይ ሁለት ሁለት ጣት ስፋት ያላቸው የእጥፋት መስመሮች ተደርድረዋል። ሦስት ጨርቅ አመጣች።

«አንድ አንድ እጠፉልኝ።»

አዩ ጠቀለለችው። መክሊት እንደ ነጠላ አራት ላይ አጠፈችው። የዲማስ ጣቶች ግን ጠርዙን እንደ ማራገቢያ እየደረቡ ይጫኑት ጀመር። አምስተኛው እጥፋት ላይ እጁ ቆመ።

«ማን አስተማረህ?»

«አያቴ። በሰም ይስሉ ነበር። አንዱ ባቲክ ስምንት ወር ይፈጅባቸው ነበር።» ወደ አዩ ዞረ። «አትቁረጪው ብልሽ ‹ሽማግሌ› ብላችሁ ሳቃችሁብኝ። ስለዚህ ፎቶ አንሥቼ ሌላ ጨርቅ ላይ አሳተምኩት። ቅጂውን ቆርጠሽ ስትጨርሺ እውነተኛውን ልመልስልሽ ነበር።»

«መክሊት ስትጠረጠርስ ለምን ዝም አልክ?»

«ፈራሁ።»

«ጥፋትህ እሱ ላይ ነው» አለች ሰሃርላ።

ዲማስ በንጹሕ አንሶላ የተጠቀለለውን ባቲክ ከመደርደሪያው ጀርባ አወጣ። አንገቱን ደፍቶ መክሊትን ይቅርታ ጠየቀ። አዩም ጨርቁን ከመንካቷ በፊት መክሊትን አቀፈቻት።

«ሳልጠይቅሽ ፈረድኩብሽ። ይቅር በይኝ።»

«እሺ። ሁለተኛ ግን ቁልፍ ያዢ አትበሉኝ።»

አዩ ሳቀች፤ ከዚያ ወደ ዲማስ ተመለሰች።

«አልቆርጠውም። አስተጣጠፉን አሳየኝ።»

አርባ ደቂቃ ፈጀ። ሁለት ባቡር አመለጣቸው። በሦስተኛው አዩ የአያቷን ባቲክ ሙሉውን ታጥቃ፣ ከሥሩ ነጭ ስኒከሯን አድርጋ ገባች፤ እጥፋቱ እንዳይጨማደድ አልቀመጥም አለች። ዲማስ ጠርዙን ከሰው እግር እየጠበቀላት ቆመ። ካሜራውን የያዘችው መክሊት ነበረች።