ልብስ እየተተኮሰ የተጠና ድራማ

«ሐምሪ፣ ተራሽ ሊደርስ አራት ደቂቃ ነው የቀረው!» አለች እናቷ ዓለም፣ በኮምፒዩተሩ ካሜራ እንዳትታይ ጎንበስ ብላ እያለፈች።

የሐምራዊት ልብ በደስታ ይዘል ነበር። ወረርሽኙ ትምህርትን ወደየቤቱ ባስገባበት በዚያ ዓመት፣ የስምንተኛ ክፍል ተማሪዎች የአንድን ከያኒ የሥራ ሕይወት አጥንተው እንዲያቀርቡ ታዘዋል። እርሷ የመረጠችው ኦርኔላ ፋብሪኒ የተባለችውን ጣልያናዊት የፊልምና የቴሌቪዥን ተዋናይት ነው። ሞርስ ሮድ በሚባለው ጎዳና ካለው አፓርታማቸው ታችኛው ፎቅ የሚኖሩት እትዬ ሰርካዲስ፣ አሜሪካ ከመግባታቸው በፊት ሮም ውስጥ በተዋናይቱ ቤት ስድስት ዓመት ኖረዋል። ዛሬም በእንግድነት ከጎኗ ተቀምጠዋል።

የክፍል ጓደኛዋ ዳጊ በስልክ ጻፈላት፦ «የስታሯ ጓደኛ መጣች? ሁሉም ዌይት እያደረገ ነው!»

እትዬ ሰርካዲስ ሐምራዊት ያዘጋጀችው የእንግሊዝኛ ገለጻ ወደተከፈተበት ስክሪን ጠጋ አሉ። «ስሜን አየሁት። ከሥሩ ምን ይላል?»

«‹የተዋናይቱ የልብ ጓደኛ› ይላል፣ እትዬ።»

«ጓደኛ? ሠራተኛዋ ነበርኩ እንጂ!»

ዓለም ፊቷ ቲማቲም መሰለ። «እኔ ነኝ ያስጻፍኳት። ፈረንጆች ፊት ‹የቤት ሠራተኛ› ማለት ክብርዎን ይነካል ብዬ ነው።»

እትዬ ሰርካዲስ ወገባቸውን አቀኑ። «ክብሬንማ ልንገርሽ። ኦርኔላ አርባ ዓመት ሲሞላት ፊልም የሚሰጣት ጠፋ። ቴሌቪዥን ሲጠራት ‹እዚያ አልወርድም› ብላ ሦስት ቀን አኮረፈች። በአራተኛው ቀን የድራማውን ጽሑፍ ይዛ ልብስ ወደምተኩስበት ክፍል ገባችና ‹አንቺ ዳኛውን ሁኚ› አለችኝ። ዳኛውንም፣ ባሏንም፣ ቄሱንም ሆንኩ! በጣልያንኛዬ ትስቃለች፤ እኔም ስታስመስል ‹ውሸት ነው፣ ድገሚው! ያዘነ ሰው እንዲህ አይጮህም› እላታለሁ። ድራማው ሲታይ ሰፈሩ ጭር አለ፤ ከዚያ በኋላ አሥራ አንድ ዓመት ከቴሌቪዥን አልወረደችም።»

«ኦ ማይ ጋድ! ይኼን ለምን አልነገሩኝም?»

«መቼ ጠየቅሽኝ? ‹ፎቶ አለዎት?› ብቻ ነው ያልሽኝ።»

ሐምራዊት ሳቀች፤ ወዲያው ግን ሳቋ ተቋረጠ። ለሃያ ስድስት ተማሪዎች የስታር ጓደኛ ትመጣለች ብላ አውርታለች። አሁን ብታርመው «ዋሸችን» ይሏታል። ባታርመው ደግሞ ያ የመተኮሻ ክፍል ታሪክ ሳይነገር ይቀራል።

«ሐምራዊት፣ ዝግጁ ነሽ?» አለች መምህርቷ ከስክሪኑ። «እንግዳሽን ለማየት ቸኩለናል።»

እናቷ ከካሜራው ማዶ ቆማ እጇን አወዛወዘች፤ ተይው፣ እንዳለ ይሁን ማለቷ ነበር።

ሐምራዊት «የልብ ጓደኛ» የሚለውን አጠፋች። በቦታው «የቤት ሠራተኛ» ብላ ጻፈች። ከዚያም ስክሪኑን ሁለቱም እንዲታዩ አዘነበለችው።

«እትዬ፣ እኔ ኦርኔላን ልሁን» አለች በሹክሹክታ። «እርስዎ ዳኛውን ይሁኑልኝ። ካስመሰልኩ ያስቁሙኝ፣ እሺ?»

ማይክሮፎኑንም ከፈተች።