ትንሽ አሟቸዋል

አቶ ለገሰ አትላንታ አጠገብ፣ ታከር በምትባል ከተማ ባለው ቤታቸው ጋራዥ ውስጥ፣ ሞተሩ በሚሠራ መኪና፣ የሹፌሩ ወንበር ላይ ተደግፈው ተገኙ። የጭሱ ሽታ የረበሸው ጎረቤት እሳት አደጋና አምቡላንስ ጠርቶ የጋራዡ በር ቢከፈትም አልተረፉም። ዓርብ ከሰዓት ነበር። መጀመሪያ የደረሱት ፖሊሶች አንዴ ቃኘት አድርገው ሽማግሌው ራሱን አጥፍቷል አሉ፤ ለእነሱ ነገሩ እዚያው አለቀ።

ለሄርሜላ ነጋ ግን አላለቀም። ሄርሜላ እዚያው አጠገብ ባለችው በክላርክስተን ከተማ ያደገች፣ የካውንቲው ፖሊስ የግድያ መርማሪ ናት። ሰው ሲያወራት ፊቱን ትታ እጁን የማየት ክፉ ልማድ አላት፤ በዚህም ብዙ አክስትና አጎት አስቀይማለች።

የሟች ባለቤት ወይዘሮ አፀደ የአረጋውያን መጦሪያ የሥራ ልብሳቸውን ሳይለውጡ መጡ። አስከሬኑ ከተነሳ በኋላ የሄርሜላን ክንድ ጨብጠው ያዙ።

«ልጄ፣ ራሱን አጠፋ ብለሽ እንዳትጽፊብኝ። ራሱን ላጠፋ ፍትሐት የለም። ዕድሜ ልኬን አብሬው የጾምኩት ሰው እንደ ውሻ ሊቀበር ነው?»

«እትዬ አፀደ፣ እኔ የምጽፈው ያገኘሁትን ብቻ ነው።»

«እንግዲያው በደንብ ፈልጊያ!»

ሄርሜላ ወደ ወጥ ቤት ገባች። ማጠቢያው ጎን ሁለት የሻይ ብርጭቆዎች ታጥበው ተደፍተዋል።

«እነዚህን እርስዎ ነዎት ያጠቧቸው?»

«ኧረ እኔ ጠዋት ስወጣ ምንም አልነበረም።»

«ጋሽ ለገሰ ይሆኑ?»

አፀደ በዚያ ሐዘን መሐል ሊስቁ ምንም አልቀራቸውም። «ለገሰ? ያ ሰውዬ በሕይወቱ ብርጭቆ አጥቦ አያውቅም! በጠጣበት ትቶት ይነሳል፤ ስንቴ ተጣልተንበታል መሰለሽ።» ያ ያልታጠበ ብርጭቆ ያን ሰዓት ምን ያህል ናፈቃቸው!

ብርጭቆዎቹ ተራ አልነበሩም። አቶ ለገሰ በተማሪነታቸው ከሞስኮ ያመጧቸው፣ እጀታ ባለው የብረት መያዣ ውስጥ የሚቀመጡ ናቸው። መያዣዎቹ ቁም ሳጥኑ ውስጥ ተመልሰዋል። አፀደ እንዳሉት እነዚህ የሚወጡት ሞስኮ አብረዋቸው ለተማሩ ወዳጆች ብቻ ነው፤ ለሌላው እንግዳ በስኒ ይቀርባል። እዚህ ከተማ ያሉት የሞስኮ ወዳጆች ደግሞ ሁለት ናቸው፤ የጭነት መኪና የሚነዱት ጋሽ ቶማስና የእድሩ ሊቀመንበር ጋሽ አሸብር።

ልጃቸው ናዲያ ስትደርስ ፊቷ አመድ መስሎ ነበር። የወታደር ራዳር ለሚሠራ ድርጅት መሐንዲስ ናት። መርማሪዋን ወደ ጓዳ ሳበቻት።

«ዳድ ሰኞ ከፌዴራል መርማሪዎች ጋር አፖይንትመንት ነበረው። ሩሲያኖቹ በአንድ ጓደኛው በኩል ስለ እኔ ሥራ እየጠየቁ ነው አለኝ።»

«የትኛው ጓደኛው?»

«ስሙን እምቢ አለኝ። መጀመሪያ እሱን ራሱን ልምከረው፣ አብሮኝ ቢሄድ ይቀልለታል አለ። ላይክ… ሊረዳው ነበር የፈለገው።»

ቀጠሮውን የያዙት የፌዴራል መርማሪም በስልክ አረጋገጡላት። የሩሲያ የስለላ ድርጅት በወዳጅነት ማኅበር ስም የድሮ ተማሪዎችን እየሰበሰበ፣ ልጆቻቸው የት የት እንደሚሠሩ ያጠያይቅ ነበር። ለገሰ ስም ሊሰጡ ቀጠሮ ይዘው ነበር፤ ቀጠሮው ሳይደርስ ሞቱ።

አፀደ አንድ ነገር ብቻ ለመኑ። «ለጓደኞቹ በስልክ ሞተ እንዳትዪ፤ ነውር ነው። ትንሽ አሞታል በያቸው፣ ጠዋት ይመጣሉ።»

ሄርሜላ ይህን ታውቀዋለች። ልጅ ሳለች አንድ ቀን ስልክ ተደውሎ ለእናቷ «ወንድምሽን ትንሽ አሞታል» ተባለ። እናቷ ምን ሆነ፣ የት ተኛ ብላ አልጠየቀችም፤ ስልኩን ጥላ ደረቷን ነው የመታችው።

ለቶማስ ደወለች። ቶማስ በየቅዳሜው ስብሰባ ለሩሲያ ጥብቅና ቆመው ከለገሰ ጋር ሲጨቃጨቁ የሚውሉ ናቸው።

«ጋሽ ቶማስ፣ ጋሽ ለገሰን ትንሽ አሟቸዋል። ነገ ጠዋት እቤት ቢመጡ።»

«መቼ?» አሉ ቶማስ፤ መልሱን ሳይጠብቁም ተንሰቀሰቁ። እስከ ጠዋት ለማንም እንዳይናገሩ አደራ አለቻቸው።

ቀጥሎ እዚያው አትላንታ ዳር፣ ሊቶኒያ ለሚኖረው ለናዲያ እጮኛ ለያቤጽ ደወለች። «ኦ ማይ ጋድ! የት ሆስፒታል ነው? አሁኑኑ ድራይቭ አድርጌ እመጣለሁ!» ብሎ ዘጋባት።

ጋሽ አሸብር በእርጋታ አዳመጧት። «እግዚአብሔር ይማረው» አሉ። ቀጥለውም፣ «ይናገራል?» ብለው ጠየቁ።

ሳይመሽ ሁለቱን ሽማግሌዎች ልታያቸው ሄደች። ቶማስ መኪናቸው አጠገብ ቆመው ዓይናቸውን በእጅጌያቸው እየጠረጉ ተቀበሏት።

«አዎ፣ ሩሲያን እወዳለሁ! ካፖርት አልብሳ አስተምራኛለች። ታዲያ መውደድና የጓደኛን ልጅ መሸጥ አንድ ነው?»

ሄርሜላ ዓይኗን ከእጃቸው ላይ አነሳች። «እኔ ስለ ጓደኛ ልጅ ምን አልኩዎት?»

«ያ የወዳጅነት ማኅበሩ ሰው ጠይቆኝ ነበራ! ልጅህ የት ይሠራል አለኝ። ፒዛ ይጋግራል አልኩት፤ ከዚያ ወዲህ ሰላም ብሎኝም አያውቅ። ለአሸብር ስነግረው ተራ ወሬ ነው አለኝ።»

ጥርጣሬዋ አለቀቃትም። የፒዛው ነገር እውነት ሊመስል የተፈጠረ ውሸትም ሊሆን ይችላል።

አሸብርን ክላርክስተን ባለው ሱቃቸው የበርበሬ ጥቅል ሲደረድሩ አገኘቻቸው።

«ጋሽ ለገሰ ቤት በቅርቡ ሄደው ነበር?»

«ሱቁ መች ይለቀኛል ልጄ? ወር አልፎኛል። ለመሆኑ እሱ ምን አለሽ?»

«ለእድሩ አልነገሩም?»

«ለታመመ ሰው እድር አይጠራም» አሉ ፈገግ ብለው። እጃቸው ግን አሁን የደረደሩትን አፍርሶ እንደገና ይደረድር ነበር። ሄርሜላ አመስግና ወጣች፤ ከዚያም በአቅራቢያው ወዳለው ሆስፒታል ነዳች።

ቅዳሜ ጠዋት አቶ ለገሰ ቤት ሰው ሞላ። አፀደና ናዲያ ጥቁር ለብሰው ፍራሽ ላይ ተቀምጠዋል። ያቤጽ ጥግ ይዟል፤ ቶማስ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ለብሰዋል። የአፀደ የነፍስ አባት መስቀላቸውን ይዘው ተቀምጠዋል፤ ፍትሐቱን ይፍቀዱ አይፍቀዱ ገና አልተናገሩም። ሁለት ፖሊሶች በሩ አጠገብ ቆመዋል።

በመጨረሻ አሸብር ገቡ። ቡናማ ጃኬት ለብሰዋል፤ በእጃቸው አንድ ፌስታል ብርቱካን ይዘዋል። ጥቁሩን ልብስ ሲያዩ ደንግጠው ቆሙ። ቦታ ተለቀቀላቸውና ፌስታሉን ጉልበታቸው ላይ እንዳደረጉ ተቀመጡ።

ሄርሜላ ተነሳች። «ጋሽ ለገሰ ራሳቸውን አላጠፉም። ደማቸው ውስጥ የእንቅልፍ መድኃኒት ተገኝቷል። መኝታ ቤታቸውም፣ ኪሳቸውም፣ መኪናቸውም ውስጥ ግን አንድ እንኳ ፍሬ የለም። መድኃኒቱን ይዞ የመጣው እንግዳ ሻይ ጠጥቶ ብርጭቆዎቹን አጥቧል። እንግዳው የዚህን ቤት አባወራ ጠባይ አላወቀም። ጋሽ ለገሰ ብርጭቆ አያጥቡም።»

ቶማስ በእንባቸው መሐል ራሳቸውን ነቀነቁ።

«ብርጭቆዎቹ የሞስኮዎቹ ናቸው። ስለዚህ እንግዳው ወይ ጋሽ ቶማስ፣ ወይ ጋሽ አሸብር ነው። ለሁለቱም ትንሽ አሟቸዋል ብዬ ደወልኩ። ጋሽ ቶማስ መቼ ብለው አለቀሱ። ጋሽ አሸብር ግን ይናገራል ወይ አሉኝ። ትናንት ማታም ሆስፒታል ሄደው ወንድሙ ነኝ፣ ነቅቷል ወይ እያሉ ሲጠይቁ ካሜራው ቀርጿቸዋል።»

«ታዲያ የታመመ መጠየቅ ወንጀል ሆነ?» አሉ አሸብር። «ያቤጽንም እዚያው አይቼዋለሁ!»

«ሄዷል። ያቤጽ እዚህ ያደገ ልጅ ነው፤ ታመሙ ሲሉት ታመሙ ብሎ ያምናል። እርስዎ ግን የእድር ሊቀመንበር ነዎት። በዚህ ከተማ ስንት ቤት መርዶ ይዘው ገብተዋል? ለእናቴ ወንድምሽን ትንሽ አሞታል ብለው የደወሉላት እርስዎ ነበሩ፤ እኔ አጠገቧ ነበርኩ። ከእኛ መሐል ያ ቃል ያልገባው ትልቅ ሰው አይቼ አላውቅም። ሟቹ እንዳይተርፍ የሚፈራ ሰው ብቻ ነው ቃሉን እንዳለ የሚወስደው። ተስፋ አይደለም ብርቱካን ያስያዘዎት፣ ፍርሃት ነው።»

አሸብር ወደ ፌስታሉ ተመለከቱ።

«ደግሞ ብርጭቆዎቹን አጠቡ እንጂ የብረት መያዣዎቹን ሳያጥቡ ነው የመለሷቸው። ወር አልፎኛል ባሉበት ቤት፣ እትዬ አፀደ ሐሙስ ማታ በወለወሉት መያዣ ላይ የጣት አሻራዎ አለ።»

ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው ይባላል፤ አሸብርም ሲናገሩ እንዲሁ ሆነ። መጀመሪያ የሞስኮ ግብዣ፣ የድሮ መምህራን፣ የድሮ ዘፈን። ከዚያ ቀላል ጥያቄ፤ የማን ልጅ የት ይሠራል? በየልቅሶው በየክርስትናው በር ለሚከፈትለት ሰው ይህ ምን ጥያቄ ነው? እምቢ ያሉ ቀን ደግሞ ሩሲያኖቹ እስከዚያ የነገሯቸውን ሁሉ በድምፅ ቀድተው መልሰው አሰሟቸው።

«ለገሰ ሰኞ አብረን እንሂድ አለኝ። ከሄድኩ አበቃልኝ። ሲያንቀላፋ ሐኪም ጋ ልውሰድህ ብዬ ደግፌ መኪናው ውስጥ አስገባሁት። ከዚያ ከመንገዱ ማዶ ሆኜ አምቡላንሱን አየሁት… ተረፈ ብዬ…»

«ለእኔ አፍልቶልኝ የማያውቀውን ሻይ አፍልቶልህ!» ብለው ጮኹ አፀደ። «ሊያድንህ ቁጭ ብሎ!»

ፖሊሶቹ አሸብርን ሲያነሷቸው ፌስታሉ ከጉልበታቸው ወደቀ፤ ብርቱካኑን የሚለቅም ሰው አልተገኘም።

የነፍስ አባት መስቀላቸውን ይዘው ተነሱ። «ፍትሐቱ እንደ ሥርዓቱ ይደረጋል» አሉ። አፀደ ከትናንት ጀምሮ አፍነው የያዙት ልቅሶ ያን ጊዜ ወጣ።

ሲረጋጉ ሄርሜላን ጠሯት። «ዳላስ እህቱ አለች፣ አረጋሽ። ገና አልሰማችም። ጎረቤቶቿ አሁን እቤቷ ገብተዋል። ደውይልኝ ልጄ፤ እኔ አፌን ከከፈትኩ አልችልም።»

ሄርሜላ ደወለች። ስልኩ እስኪነሳ ለመጀመሪያ ጊዜ የራሷን እጅ አየች።

«እትዬ አረጋሽ፣ ከአትላንታ ነው። ጋሽ ለገሰን ትንሽ አሟቸዋል።»

አረጋሽ የት ሆስፒታል እንደተኛ አልጠየቁም። ይናገራል ወይም አላሉም።

«ወንድሜን!» አሉ።